ማንም የማይስቅበት አገር

ልጆቹ ንገሪን አሉኝ። ልጆቹ የምላቸው አጅማን፣ አል ራሺዲያ፣ አንድ ክፍል ውስጥ አብረውኝ የሚያድሩትን ነው፤ አልጋው ከላይና ከታች የተደራረበ፣ ክፍሉ ሳይሆን አልጋው የሚከራይ፣ ቤድ ስፔስ የሚሉት። እኔ ፊደል አልቆጠርኩም። እናገራለሁ፣ አንዷ በስልኳ ትጽፋለች። «ያን ማንም የማይስቅበትን አገር ንገሪን እማማ» ይሉኛል፣ ተረት መስሏቸው። ተረትስ ነበር፣ መጀመሪያ ላይ።

ዱባይ፣ ሻርጃ፣ አጅማን ስዞር ነው የኖርኩት። አንድ ቤት አልረጋም፤ በሰዓት እየተቀጠርኩ አጸዳለሁ፣ ክፍል እቀይራለሁ። የሄድኩበት ሁሉ ሴቶቹ ህልማቸውን ያመጡልኝ ነበር። እናቴ ወሎ ውስጥ የታወቀች ህልም ፈቺ ነበረች፤ ከሷ የቀረልኝ ይኸው ነው። መጀመሪያ «ኸይር ነው» እላለሁ፣ ከዚያ እፈታለሁ።

አንድ አርብ አንዲት የወሎ፣ የሐይቅ ከተማ ሴት ፈልጋ አገኘችኝ። አል ዋርቃ ካሉት ቪላዎች ባንዱ ትሠራለች። ትልቋ ልጇ ከሷ በፊት መጥታ፣ ከማዳሟ ቤት ጠፍታ ስልኳ ከተዘጋ ዓመት አልፎታል። እናትየው ትንሿን ልጇን ለእህቷ ትታ፣ በኤጀንሲ ተመዝግባ፣ የመጣችው እሷን ፍለጋ ነው። ያልጠየቀችው ሰው አልነበረም። በመጨረሻ የልጅቷን ሻሽ ከቦርሳዋ አወጣችና «ከትራስሽ ሥር አድርገሽ እይልኝ፣ እትዬ» አለችኝ።

ሳምንቱን ሙሉ ሻሹ ላይ ተኛሁ። ምንም አላየሁ።

በሚቀጥለው አርብ አል ማምዛር ባሕር ዳርቻ፣ ሰው በነፃ በሚቀመጥበት በኩል፣ ውኃው ዳር ተቀመጥን። ያላዩትን ህልም አየሁ ማለት ከባድ ወንጀል እንደሆነ ከልጅነቴ ጀምሮ አውቃለሁ። ግን ዐይን ዐይኔን ስታየኝ አንጀቴ አልቻለም። አየኋት አልኩ። አዲስ ነጭ ቤት ውስጥ ናት፣ ደጁ ላይ ሰርግ አለ፣ እሷም ትስቃለች።

ልትጎርሰው የነበረው ቴምር እጇ ላይ ቀረ። «አዲስ ቤት ነው ያልሽኝ?»

ያኔ ነው ያልኩት የገባኝ። እኔው ለስንቱ ሰው እንደዚያ ብዬ ፈትቻለሁ፤ አዲስ ቤት መቃብር ነው፣ ሰርግ ሐዘን፣ ሳቅ ለቅሶ። ልጅቷን ላሳምር ብዬ ገደልኳት። ተንተባተብኩ። አዲስማ አይደለም፣ ግድግዳው የተላላጠ ነው፤ ሰርግ የመሰለኝም ገበያ ነው፤ እሷም ስትስቅ ሳይሆን ስታለቅስ ነው ያየኋት አልኩ። ለቅሶውን ስትሰማ ፊቷ በራ። በህልም ለቅሶ ደስታ ነዋ።

ያ አገር እንዲህ ሆኖ ተሠራ። በየአርቡ አዲስ ጥያቄ ይዛ ትመጣለች። ውኃው ድፍርስ ነው ወይስ ጥሩ? ጥሩ ነው፣ ጠጠሩ ሳይቀር ይታያል። ጥርሷስ? አንድም አልጎደለ። ሥጋ ይበላሉ? ኧረ ሥጋ የሚባል አያውቁም። ክፉ ምልክት የተባለውን ሁሉ እያወጣሁ፣ ደግ የተባለውን ሁሉ እያስገባሁ አገሩ ሞላ። ቤቱ ሁሉ አሮጌ፣ የሚያገባ የለ፣ የሚስቅ የለ፤ ሰው ቀስ ብሎ እያለቀሰ ይመላለሳል። በየደጃፉ፣ ይቅርታ አድርጉልኝና፣ እዳሪ ተከምሯል፤ በህልም ሲሳይ ነውና። የክፍሌ ሴቶች ይህን ሰምተው ቀለዱብኝ። «እማማ፣ እዛ አገር ጽዳት አይቀጥሩም?» አለች አንዷ። «ሹግሉማ፣ ሥራውማ ሞልቷል።»

የሐይቋ ሴት ግን አትቀልድም ነበር። ኮንትራቷ ሊያልቅ ነው፤ ማዳሟ ወይ አድሺ ወይ ቲኬት ልቁረጥልሽ ብላታለች። አገር ቤት ትንሿ ልጇ ታማ እናቴን እያለች ነው። «አንቺ እዛ እስካየሻት ድረስ አልሄድም» አለችኝ። በኔ ውሸት የታመመች ልጇን ትታ ልትቀር ነው።

ከዚያ አገሩ መጣብኝ።

ቀትር ላይ ዙሁር ሰግጄ ጋደም ባልኩበት ነው። በተላላጡት ግድግዳዎች መሐል እሄዳለሁ። እኔ ያስገባሁት ሁሉ አለ፤ ያላስገባሁትም አለ። በሮቹ የሚቆለፉት ከውጭ ነው። ሰዎቹ ሲያለቅሱ ድምፅ የላቸውም። ሁሉም ያውቁኛል፤ መንገድ ይለቁልኛል፣ የቤት ባለቤት እንደመጣባቸው። ልጅቷ ጀርባዋን ሰጥታ ቆማለች። ዞር አለች፤ ፎቶዋን አይቻለሁና ፊቷን አውቀዋለሁ። ሳቀች። ጥርሷ እስኪቆጠር፣ ሆዷን ይዛ ሳቀች። የሌሎቹ ሁሉ ለቅሶ ቀጥ አለ።

አርብ ደረሰ። ዝም ብል ትቀራለች፣ ብናገር ልጇን እቀብራለሁ። ውኃውን ውኃውን እያየሁ ነገርኳት።

«እስከዛሬ ያልኩሽ ሁሉ ውሸት ነው። ይሄኛውን ግን አይቼዋለሁ። ሳቀች።»

«አውቃለሁ» አለች። «የውሸቱን ስትነግሪኝ ዐይን ዐይኔን ታዪ ነበር። ዛሬ አላየሽኝም።»

ከዚያ «በደንብ ሳቀች?» አለችኝ።

«በደንብ።»

ሻሹን ተቀበለችኝና ጉልበቷ ላይ አድርጋ አራት አጠፈችው። «ኸላስ፣ በቃ፣ እትዬ» አለች። አልጮኸችም፣ ፊቷንም አልነጨችም። በሳምንቱ ተሳፈረች። ትንሿ ልጇ እንደተሻላት፣ እሷም ለትልቋ ሐዘን እንደተቀመጠች ከአገሯ ሰዎች ሰማሁ።

እኔ ህልም መፍታት ተውኩ። ልጆቹ ፍቺልን ሲሉኝ ረሳሁት እላለሁ። አገሩ ግን አልተወኝም። ደረጃ ስጠርግ ቀለሙ የተላጠ ግድግዳ ካየሁ እጄ ይቆማል። ቀን ጋደም ካልኩ እገባበታለሁ። ሰዎቹ እንደ ድሮው መንገድ ይለቁልኛል። የሠራሁት እኔ ነኝ፣ መውጫውን ግን አላበጀሁለትም። አንዳንዴ ዝም ብዬ ደጃፍ ላይ ተቀምጬ እስክነቃ እጠብቃለሁ።

የትልቋን ልጅ ነገር የነገረችኝ ሻርጃ አንድ ፀጉር ቤት የምትሠራ ሴት ናት፣ ከስንት ዓመት በኋላ። ከልጅቷ ጋር አንድ ክፍል ኖረዋል። ልጅቷ አልሞተችም። መጀመሪያ ፖሊስ ፈርታ ስልኳን ዘጋች፤ ኋላ አረገዘች፣ ሰውየው ጥሏት ሄደ። እናቷ ልትፈልጋት መምጣቷን ሰምታለች፤ በዚያ ሆዷ እናቷ ፊት መቆም አፈረች። የሚኖሩበት ፎቅ እኛ በየአርቡ ከምንቀመጥበት ውኃ ማዶ ነበር። እናቷ አገር ገብታ ሐዘን በተቀመጠችበት ወር፣ ልጅቷ እዚያው ክፍል ውስጥ ሴት ልጅ ተገላገለች።