ሁለተኛዋ ዓይን

የዘይት ቀለም የሸተተኝ ዕለት ቀኑን ሙሉ ስነጫነጭ እውላለሁ። ትናንት ጎረቤቴ በሩን ሲያስቀባ የእንጨት መስኮቴን ጥርቅም አድርጌ ዘጋሁበት። ሰውየው ምን አጠፋ ብትለኝ፣ ምንም። ጥፋቱ የኔ ነው።

አሥረኛ ክፍል ነበርኩ። በከተማችን ገበያ፣ አራዳ ካለ የቀለምና የሚስማር ሱቅ ደጅ፣ ከሳንጃ የመጣ ዘበኛ ነበር፤ "አያ" እለዋለሁ። ሥዕል ማንም አላስተማረውም። ከየቆርቆሮው ሥር የተረፈውን ቀለም እየጠራረገ በቁራጭ ኮምፔንሳቶ ላይ ሰው ይስላል። ሰው ስልህ ታዲያ ባለሥልጣን እንዳይመስልህ፤ ተሸካሚውን፣ ብቻዋን እያወራች የምትዞረዋን፣ የቤተ ክርስቲያን ደጅ ለማኞችን ነው። "ሌላውንማ ፎቶ ቤቱ ያነሳው የለ" ይለኝ ነበር።

ከለማኞቹ አንዲት ባልቴት ነበረች። ልጇ ሰሊጥ አጨዳ ብላ በአዘዞ መንገድ ወደ ቆላ ወርዳ ከቀረች ወዲህ፣ ምጽዋት ስትቀበል እንኳ ዓይኗን ከመንገዱ አትነቅልም። አያ እንደተቀመጠች ሳላት፤ ከጎን። ፀሐይ የመታው ጉንጯና መንገድ ላይ የቀረች አንድ ዓይኗ።

አባቴ የቤተ ክርስቲያን ሠዓሊ ነው፤ ያኔ ረዳት ይፈልግ ነበር። ይቺን ካየ አያን ከዘበኝነት ያወጣዋል ብዬ ሥዕሉን ለምኜ ወሰድኩና ፊቱ አቆምኩት። ቀና ብሎ አየና ወደ ሥራው ተመለሰ።

"ባንድ ዓይን የሚሳል ሰይጣንና ይሁዳ ነው። ይቺ ምስኪን ምን በደለች?"

ሕጉ ጠፍቶኝ አልነበረም፤ ቀለም ስበጠብጥለት ነው ያደግሁት። ጻድቅ በሙሉ ፊት፣ ኃጥእ በጎን። እንግዲህ የኔን ብልጠት ስማ። በማግስቱ አባቴ ቅዳሴ ሲሄድ ብሩሹን አነሳሁና ፊቷን ወደኛ መልሼ ሁለተኛ ዓይን ጨመርኩላት። አባቴ ሲመለስ "አሁን ሰው ሆነች፤ በይ ጥሪው፣ ይምጣ" አለ። ሥዕሉን ይዤ ወደ አራዳ በረርኩ።

አያ ምሥራቹን ሰምቶ ሥዕሉን ሲያገላብጥ ቆየ።

"ምነው ልጄ፣ ምን ብትልሽ ነው ፊቷን ያዞርሽባት?" አለ። ከዚያ "ነይ፣ ለራሷ እናሳያት" ብሎ ወሰደኝ።

ባልቴቲቱ ሥዕሉን አየችና አንገቷን ወደ መንገዱ መለሰች።

"እኔን ነው እንዴ የምታየኝ?" አለች። "መንገዱን ማን ሊጠብቅልኝ ነው?"

አያ አባቴ ዘንድ አልሄደም። ሥዕሉን እኔው እጅ ላይ ትቶት ክረምቱ ሳይገባ ሳንጃ ተመለሰ አሉ። ባልቴቲቱም አንድ ፋሲካ ከቤተ ክርስቲያኑ ደጅ ታጣች። አባቴ እስከ ዛሬ "ያ ሰው እንጀራውን ገፋ" ይላል፤ እኔ ጥርሴን ነክሼ እወጣለሁ። ያን ዓይን ልፋቀው ብዬ ስንቴ ሞከርኩ መሰለህ! የኔ ቀለም ሲነሳ አያ የሳለው ጉንጯም አብሮ ይነሳል። ተውኩት።

አሁን ቤቴ ከአዘዞ መንገድ ዳር ነው። ሥዕሏን መስኮቱ ላይ፣ ፊቷን ወደ መንገዱ አድርጌ አቆምኳት፤ እኔ የማየው የኮምፔንሳቶውን ጀርባ ብቻ ነው። ትናንት በንዴት መስኮቱን የዘጋሁት እሷ ላይ ነበር። ዛሬ ጠዋት የቀለሙ ሽታ ሳይለቅ ከፈትኩላት።