የኳስ ተጫዋቿን ሻንጣ የቀማሁ ዕለት

ባለፈው ሐሙስ ቀትር ላይ ናጋድ ባቡር ጣቢያ በር ላይ ቆሜአለሁ... እህቴ ከድሬዳዋ የላከችልኝን በርበሬ ልቀበል። ባቡሩ ገባ፣ በርበሬው እጄ ገባ፣ ዓይኔ ግን አንዲት ልጅ ላይ ቀረ።

ብቻዋን ናት። አንድ ጥቁር ሻንጣ ይዛለች። ከባቡሩ ስትወርድ ቀኝ ጉልበቷን ያዝ አደረገች፣ ከዚያ ግራ ቀኝ ታይ ጀመር። እኛ ጅቡቲ ያረጀን ሀበሾች እንዲህ ያለች ልጅ ስናይ የሚታየን አንድ ነገር ብቻ ነው... ባሕሩ። በዚህች ከተማ አልፋ፣ በጀልባ ወደ የመን ተሳፍራ፣ ድምጿ የጠፋ ስንት አለች።

ለዚህ የራሴ ዘዴ አለኝ። አልመክርም፣ አልቆጣም። «ልጄ፣ ሻንጣሽን ልያዝልሽ» ብዬ እቀበልና ለማውቀው ባለታክሲ ሰጥቼ ወደ ቤቴ እልከዋለሁ። ሻንጣዋ እኔ ዘንድ ያለ ልጅ ደላላ ተከትላ አትሄድም። ምሳ ትበላለች፣ ለእናቷ ትደውላለች፣ ቢያንስ አንድ ቀን ታስባለች። በዚህ መንገድ ሁለት ልጆች ወደ አገራቸው መልሻለሁ፤ ስለዚህ ልቤ አብጧል።

«ወዴት ነሽ ልጄ?» አልኳት።

«ኳስ ተጫዋች ነኝ አባባ። ዛሬ አስር ሰዓት ላይ እዚህ ክለብ ሙከራ አለብኝ።»

ደላሎቹ የሚያስጠኗቸውን ብዙ ሰምቻለሁ... «ሰርግ ተጠርቼ»፣ «አክስቴ ታማብኝ»። ኳስ ተጫዋች ግን አዲስ ነበረች!

«ጎበዝ! አጥቂ ነሽ በረኛ?» እያልኩ ሻንጣዋን ለሮብሌ አቀበልኩት። ሮብሌ የረጅም ጊዜ ባለታክሲዬ ነው፤ በዓይኔ ጠቀስ ሳደርገው ጭኖ ተፈተለከ።

«ኧረ አባባ! የኳስ ጫማዬ እኮ ውስጡ ነው!»

«ጫማሽ ቤት ይጠብቅሻል። መጀመሪያ ምሳ።»

ሌላ ታክሲ ይዘን እየሄድን ስልኳን አፍንጫዬ ስር ደገነችው። ፎቶው ላይ እሷው ናት... ማሊያ ለብሳ፣ ክንዷ ላይ የአምበል ጨርቅ አስራ። ቀጥሎ ከክለቡ አሰልጣኝ የመጣ የፈረንሳይኛ መልእክት። ሐሙስ፣ አስር ሰዓት፣ እንዳታረፍጂ ይላል። «ቶሎ ንዳ!» አልኩት ባለታክሲውን።

ቤት ደረስን። ሻንጣ የለም፣ ሮብሌ የለም። ሰዓቴን ሳይ ገባኝ... ሰባት ሰዓት። ጫት ከተማ የሚገባበት ሰዓት ነው። በዚህ ሰዓት ጅቡቲ ባለታክሲውም ባለሱቁም የጫት እቅፉን ይዞ ጥላ ውስጥ ይገባል፣ ስልኩን ይዘጋል። ሮብሌም ሻንጣዋን መኪናው ውስጥ እንደቆለፈ አንዱ ጓዳ ገብቶ ጋደም ብሎ መሆን አለበት።

ካርቲየ ሁለት የሚባለውን ሰፈር በር በበር አንኳኳን። የቃሚዎቹን ጨዋታ ሰብረን እየገባን «ሮብሌን ያያችሁ?» እንላለን። እሷ ስሟ ወይንሸት ነው፤ መንገድ ለመንገድ ዕድሜዋን ስጠይቃት ሠላሳ አንድ አለችኝ። ድሬዳዋ፣ ከዚራ ሰፈር ከወንዶች ጋር ስትጫወት እናቷ ጫማዋን ሁለት ጊዜ እሳት ውስጥ ከታባታለች። ቢሆንም አዲስ አበባ ሄዳ አስራ ሁለት ዓመት በክለብ ተጫወተች። ከዚያ ጉልበቷ ተጎዳ፣ ቀዶ ጥገና ተደረገላት... ድና ስትመለስ ክለቡ የሴቶቹን ቡድን በትኗል። ሁለት ዓመት ሙሉ በሰው ሱቅ ልብስ እየሸጠች ጠዋት ጠዋት ብቻዋን ስትሮጥ ከረመች።

«ይሄ ካመለጠኝ አባባ» አለች፣ «ለሠላሳ አንድ ዓመት ተጫዋች ሌላ የሚደውል የለም።»

ቀጣዩን በር ከእሷ ቀድሜ አንኳኳሁ። እኔ ላጠፋሁት ነገር ስሮጥ ሚስቴ ብታይ ድግስ ትደግሳለች።

ዘጠኝ ተኩል ሲሆን ባዶ እጃችንን ሜዳ ሄድን። አሰልጣኟ ረጅም ጅቡቲያዊት ናት፣ ፊሽካ አንጠልጥላለች። የወይንሸትን ነጠላ ጫማ አየችና በፈረንሳይኛ «ጫማ ሳይዝ የመጣ ፕሮፌሽናል አይቼ አላውቅም። ትሂድ» አለች።

ለወይንሸት ተረጎምኩላት። ቀጥ ብላ አየችኝ።

«እውነቱን ይንገሯት። አንድ ሽማግሌ ቀማኝ ትላለች ይበሏት።»

እስቲ ፍረዱኝ... የገዛ ክሴን በገዛ አፌ ለዳኛ መተርጎም! ባቡር ላይ ጠፋ ብል ማን ያውቃል? ግን ልጅቷ ከፊቴ ላይ ዓይኗን አልነቀለችም። ተረጎምኩት... ከነሮብሌው፣ ከነጫቱ፣ ከነየመኑ።

አሰልጣኟ ከላይ እስከ ታች አየችኝ። «ቀማኛው ጫማ አድርጓል አይደል?» አለች። «ያውልቅ።»

እግሬ ትንሽ ነው፤ ወጣት ሳለሁ ይሳቅብኝ ነበር። ወይንሸት ሸራ ጫማዬን በሁለት ካልሲ ሞልታ ገባች። እኔ መሬቱ እሳት ሆኖብኝ አግዳሚው ላይ እንደ ዶሮ እግሬን ሰብስቤ ተሰቀልኩ።

መጀመሪያ ሁለቴ ተንሸራታ ወደቀች። የሃያ ዓመት ልጆቹ እንደ ንፋስ አለፏት። ከዚያ መሮጧን ተወችው። መሀል ሜዳ ቆማ፣ ኳሷ ሳትደርስባት ቀና ብላ ታያለች፤ በአንድ ንክኪ ማንም ወደሌለበት ትልካለች። ልጆቹ ሮጠው ሲደርሱ ኳሷ እዚያው ትጠብቃቸዋለች። አሰልጣኟ ፊሽካዋን ከአፏ አወረደች።

ሲያልቅ ጠርታኝ ጥቂት ቃል ተናገረች። ወይንሸት መሬት ላይ ቁጭ ብላ አፍ አፌን ታያለች።

«ምን አለች አባባ?»

እኔን የምታውቁኝ ታውቃላችሁ... ጉሮሮዬን ጠረግሁ፣ ፊቴን አጠቆርኩ፣ «ጫማው ጥሩ ነው አለች፣ ተጫዋቿ ግን...» ልላት ተሰናድቻለሁ። ጣቶቿ ያንን የተጎዳ ጉልበቷን ጨምድደው ይዘውት አየሁ።

«እሁድ ልምምድ ትጀምሪያለሽ ልጄ» አልኳት። «ውሉንም ያን ቀን ትፈርሚያለሽ።»

በሰባ ስምንት ዓመቴ፣ አፌ ላይ የደረሰ ቀልድ ስውጥ ይሄ የመጀመሪያዬ ነው።