ዓሊዩና የሚኤሶ ጣቢያ ወተት

ዓሊዩ እዚህ ጭሮ ሬዲዮና ቴፕ ይጠግናል። ሱቁ ከመናኸሪያው ጀርባ ነው፤ እኔ ደግሞ በሩ አጠገብ ሳምቡሳ እጠብሳለሁ። ስለዚህ ብዙ ነገሩን አያለሁ። ይህን የምጽፈው ሰው ስለ እሱ ሌላ ሌላ ስለሚያወራ ነው። እኔ ያየሁትን ብቻ ልጻፍ፣ ከተሳሳትኩ ይቅርታ።

ሃምሳን አልፏል። አላገባም። ቀጭንና ረጅም ነው፣ ብዙ አያወራም። የተበላሸ ቴፕ ሲያመጡለት መጀመሪያ ጆሮውን ያስጠጋል፣ ከዚያ ነው የሚፈታው። ከእናቱ ከአዴ ጣሂራ ጋር ከሱቁ ጓሮ ባለችው ክፍል ይኖራል። አዴ ጣሂራ መርሳት ከጀመሩ ቆይተዋል። መጀመሪያ ቁልፍ ያስቀመጡበትን፣ ቀጥሎ የጎረቤት ስም፣ በኋላ የልጃቸውንም ስም ረሱ። «ሰውዬው» ነው የሚሉት። «ሰውዬው ሻይ አመጣልኝ፣ አላህ ይስጠው» ይላሉ። እሱ ፈገግ ይላል። አንድ ቀን ግን እንዲህ አለኝ፦

«ዘመናይ፣ አንዴ ብቻ በስሜ ብትጠራኝ። ሌላ ምንም አልፈልግም።»

መላሹን የሠራው ለዚህ ነው። «መላሽ» ያልነው እኛ ነን፣ እሱ ስም አላወጣለትም። ከአሮጌ ቴፕ ሆድ፣ ከመስጊድ ከወረደ ድምፅ ማጉያና ከልብስ ስፌት መኪና እጀታ ነው የገጣጠመው። ድምፅ ይቀዳበታል። ከዚያ እጀታው ቀስ ተብሎ ሲዞር ድምፁ ይሳባል፤ ክፍሉ ውስጥ ያለ ሰው ሁሉ ድምፁ ወደ ነበረበት ጊዜ ይሄዳል። ድምፁ ሲያልቅ መመለስ ነው። እንዴት እንደሆነ አልገባኝም፣ እሱም ሲያስረዳ ይደናገራል። የግድግዳው ሰዓት ግን እስክንመለስ ቆሞ እንደሚጠብቀን አይቻለሁ።

ወሬው ሂርና ደረሰ። ሳቢር የሚባል ጫት ነጋዴ አንድ እስር በብብቱ ይዞ መጣ።

«አንተ ዓሊዩ፣ ሰዓት ያቆማል አሉ?»

«እዚች ክፍል ውስጥ ብቻ።»

«በቃ መኪናዬ ላይ ግጠምልኝ አቦ! ጫቴ ድሬዳዋ ሳይጠወልግ ይግባ!»

አናጢው ቢራቱ ደጅ ቆሞ ሳምቡሳ እየበላ ነበር። «ሾፌሩስ? ወደ ኋላ ሄዶ ሰርጉ ቀን ላይ ቆሞ ቢቀርብህ?» አለው።

ሳቢር ትንሽ አሰበ። «ወላሂ የእኔ ሾፌር ሰርጉ ላይም ፍሬን አይዝም።»

ዓሊዩ እምቢ አለ። እሱ የሚያስበው እናቱን ነበር።

አዴ ጣሂራ ልጅ ሆነው ሚኤሶ ባቡር ጣቢያ የግመል ወተት ይሸጡ ነበር። ሌላው ሲጠፋቸው ያ አልጠፋቸውም። ዓሊዩ ታዲያ «የባቡሩን ድምፅ ካሰማኋት እዚያ አገኛታለሁ» ብሎ ሚኤሶ ወረደና ቀድቶ መጣ። የቀዳው ግን የአሁኑን ባቡር ነው። የድሮው ከቆመ ስንት ዘመኑ! ባቡር ባቡር ነው ብሎ መሰለኝ። እጀታውን ሲያዞር እሱ፣ እናቱና እኔ ሦስታችንም ባለፈው ሳምንት ሚኤሶ ተገኘን፣ ከተደረደሩ የጭነት መኪናዎች መሃል፣ ያ ሁሉ ፀሐይ አናታችን ላይ።

«ይሄ ሰውዬ ምን በድዬው ነው ፀሐይ ላይ የሚያቆመኝ?» አሉ አዴ ጣሂራ።

ቢራቱ ይህን ሰምቶ ሲስቅብን ከረመ። ዓሊዩ መላሹን ጨርቅ አልብሶ ጥግ ላይ አስቀመጠው።

ከዚያ በኋላ አንድ ከሰዓት፣ ብርድ ነበር፣ ለአዴ ጣሂራ ትኩስ ሳምቡሳ ይዤ ገባሁ። ሻያቸው አልቆ የቆርቆሮ ኩባያቸውን ፔርሙዙ ላይ ይመታሉ። ኳ፣ ኳኳ፣ ኳ። ተጨማሪ ሲፈልጉ ሁልጊዜ እንደዚያ ነው የሚያደርጉት፣ እኛ ልብ ብለነው አናውቅም። ዓሊዩ የሚፈታውን ሬዲዮ አስቀመጠ።

«እማ፣ እስቲ ድገሚው።»

«ምኑን?» አሉ፤ እጃቸው ግን አላቆመም። ዓሊዩ የመላሹን ጨርቅ ገፎ ድምፁን ቀዳው። «ይሄ የዛሬ ድምፅ አይደለም፣ ሚኤሶ ወተት ስትሸጥ እጇ የለመደው መሆን አለበት» አለኝና እጀታውን ያዘ።

ብርዱ ወዲያው ጠፋ። ሻሼን ትኩስ ነፋስ አነሳው። እኔና ዓሊዩ የድሮው ባቡር ውስጥ መስኮት አጠገብ ተቀምጠናል፣ አዴ ጣሂራ ግን አጠገባችን የሉም፤ ከታች ሴቶች ወተት ይዘው ይራወጣሉ። አንዷ የአሥራ ምናምን ዓመት ልጅ ናት፤ በቆርቆሮ ኩባያዋ የወተት ባልዲዋን ትመታለች። ኳ፣ ኳኳ፣ ኳ።

«አናን! ወተት! አናን!»

 ዓሊዩን በክርኔ ጎሸም አደረግሁት።

«ወተት… አንድ» አለ።

«ስምህ ማነው?»

«ለምን?»

«ለምን ይላል እንዴ! ኩባያዬን ይዘህ ብትሄድስ? እዚህ ጣቢያ ስሙን ያልተናገረ ወተት አይጠጣም። ባቡሩ ሲነሳ ምን ብዬ ልጥራህ፣ አንተ ረጅሙ?»

ተሳፋሪው ሳቀ።

«ዓሊዩ» አለ በቀጭን ድምፅ።

«ስሙን ሰርቆ ያመጣ ነው የሚመስለው! ጮክ በላ!»

«ዓሊዩ!»

«እሺ፣ ጠጣ። ቶሎ በል።»

ጠጣ። ሌሎቹ እየጠጡ ኩባያውን ይመልሳሉ፤ እሱ ዝም ብሎ ያያታል። ባቡሩ ጮኸ።

«ኧረ መልስላት!» አልኩት።

አልመለሰም። ኩባያውን ደረቱ ላይ ያዘው። ባቡሩ ተንቀሳቀሰ፣ ልጅቷም ባልዲዋን ጥላ ሮጠች።

«ዓሊዩ! አንተ ዓሊዩ! ኩባያዬን! ዓሊዩ!»

ይስቃል፣ እንባው ይወርዳል። እሷ እየሮጠች ትጠራዋለች፣ ሌሎቹም ሴቶች አብረዋት ስሙን ይጮሃሉ። ጣቢያው ሊያልቅ ሲል በመስኮቱ ጎንበስ ብሎ እጇ ላይ አስቀመጠላት።

«ባለጌ!» አለችው፣ እሷም እየሳቀች።

ድምፁ አለቀ። ብርዱ ተመለሰ፣ ሰዓቱ መቁጠር ጀመረ። አዴ ጣሂራ ቁና ቁና ይተነፍሳሉ፣ ፊታቸው ግን በርቷል። ወደ እኔ ጠጋ ብለው «ሰውዬው ኩባያዬን ሊወስድብኝ ነበር እኮ» አሉኝ።

ዓሊዩ ፊቱን በእጅጌው ጠረገ።

«ዘመናይ፣ ሰምተሻል አይደል? ጠራችኝ?»

«ጣቢያው እስኪያልቅ ድረስ» አልኩት።

ተነስቶ ሻያቸውን ቀዳላቸው።