የሰፈራችን «ታሪካዊ» ቀለም

የቀለም ቀቢ ረዳት ሆኜ የተቀጠርኩ ዕለት ዝገት ስቀባ ዋልኩ።

ቦታው ኖርዝኢስት የሚባለው የሚኒያፖሊስ ከተማ ሰፈር፣ ድሮ የዱቄት ከረጢት ይሰፋበት የነበረ ፋብሪካ ነው። ወደ አፓርትመንት እየተቀየረ ነበር። ጠዋት የብረት ምሰሶዎቹን በብርጭቆ ወረቀት ፍቀን ዝገቱን አጸዳን። ከሰዓት በኋላ ፎርማናችን ግሬግ ቡናማ ቀለምና ስፖንጅ ሰጠኝና «በይ አሁን መልሰሽ አዝጊው» አለኝ።

«እውነተኛው ዝገት ምን ነበረው?»

«እውነተኛው ልብስ ያቆሽሻል። ተከራዮቹ የሚፈልጉት የማያቆሽሽ ዝገት ነው።»

ግሬግ ክፉ ሰው አልነበረም። ጣሪያና ግድግዳ የሚገናኙበትን መስመር ያለ ቴፕ ቀጥ አድርጎ መቀባት ያስተማረኝ እሱ ነው። በረዳትነት ጀምሬ ወደ ቀቢነት ያሳደገኝም እሱ ነው።

የምንሠራለት፣ አሮጌ ሕንፃ እየገዛ የሚያድሰው ኩባንያ በየሕንፃው መግቢያ የታሪክ ግድግዳ ማሠራት ይወድ ነበር። በዚያ ፋብሪካ ከረጢት የሚሰፉ ሴቶች ትልቅ ፎቶ ተሰቀለ። ከፖላንድ የመጡ ናቸው ተባለ፤ ሁሉም ደክሟቸዋል። ከበላያቸው «ይህችን ከተማ የገነቡ» የሚለውን ጽሑፍ የቀባሁት እኔ ነኝ። ከሥራቸው የጂም በር ነው።

«የልጅ ልጆቻቸው እዚህ ይኖሩ ይሆን?» ብዬ ግሬግን ጠየቅሁት።

«እዚህ? በዚህ ኪራይ?» አለ። ቀልዱን አልነበረም።

በሁለተኛው ዓመት፣ አንድ አርብ፣ ግሬግ የሚቀጥለውን ሳምንት ሥራ ሲነግረን «ሰኞ ፊሊፕስ ሰፈር እንገባለን» ብሎ አድራሻውን አነበበ። የቤቴ አድራሻ ነው።

«ግሬግ፣ እዚያ እኮ ነው የምኖረው።»

«ታዲያ ምን ትፈልጊያለሽ? ለሥራ ድራይቭ ማድረግ ቀረልሽ!» አለኝ።

ባለቤቱ ሕንፃውን መሸጡን በሹክሹክታ ሰምተን ነበር። የገዛው የኛው ኩባንያ እንደሆነ ያወቅሁት ግን ያኔ ነው። የማንንም የኪራይ ውል አያድሱም፤ ውሉ ያለቀ ሁሉ ይወጣል። ከኛ በፊት እዚያ የኖሩት ከስዊድንና ከኖርዌይ የመጡ የባቡር ጋራዥ ሠራተኞች ነበሩ፤ ኩባንያው ስለ እነሱ በጣም አሳምሮ ነበር የሚናገረው። ኩባንያው ስደተኛ ይወዳል፤ ከሞተ ብቻ።

ከኛ በር ፊት ለፊት አደ ፋጡማ ይኖሩ ነበር። የሐረር ኦሮሞ ናቸው፤ «አደ» እንደኛ «ወይዘሮ» ነው፤ የአረጋውያን መንከባከቢያ ውስጥ ይሠራሉ። ሥራ በጀመርን በማግስቱ አንዲት የቢሮ ሴት ፎቶ አንሺ ይዛ መጣችና ደረጃው ላይ አስቆመቻቸው። ፎቶአቸውን መግቢያው ላይ ልትሰቅል ነው። «የሰፈሩን ነፍስ ማሳየት እንፈልጋለን» አለች። ተረጎምኩላቸው።

አደ ፋጡማ ሻርፓቸውን አስተካከሉ። «ነፍሳችንን ግድግዳ ላይ ሰቅለው ሥጋችንን የት ሊጥሉት ነው? ንገሪያት፤ እኔ ልቅር፣ ፎቶው ይውጣ።»

አንዲት ቃል ሳላስቀር ነገርኳት። ሴትየዋ እጇን ደረቷ ላይ አደረገች። «እንዴት ያለ ውብ አነጋገር ነው! ግድግዳው ላይ ብንጽፈው ይፈቅዱልናል?»

ይህንን አልተረጎምኩም።

ከሰዓት በኋላ ሁለተኛ ፎቅ ኮሪደር ላይ ፕራይመር፣ ከዋናው በፊት የሚቀባውን ቀለም፣ መቀባት ጀመርኩ። ልጄ ሳሮን ከትምህርት ቤት መጣች። ሮለሩን አየች፣ በራችንን አየች፣ ደስ አላት። «ማሚ፣ ኢዝ ኢት ፎር አስ?» አለችኝ።

ለኛ ነው ወይ ማለቷ ነው። ሮለሩን ባልዲው ውስጥ አስቀምጬ ወደ ግሬግ ወረድኩ።

«ይህን ቤት አልቀባም።»

«አንቺ ባትቀቢው ሌላ ሰው ይቀባዋል» አለ። «ያው ነው።»

«ለግድግዳው ያው ነው።»

«ሌላ ሕንፃ ልመድብሽ?» አለኝ።

«እዚያስ ሰው አለ?»

የሥራ ቫኑን ቁልፍ ሰጥቼው ወደ ላይ ወጣሁ። ባለቤቴ ማታ ሲሰማ ተቆጣ፤ ቤትና ሥራ በአንድ ሳምንት ይታጣል ወይ አለ። እውነቱን ነው።

ተከራዮቹ ምድር ቤት፣ ልብስ ማጠቢያው ክፍል ተሰበሰብን። አደ ፋጡማ ማሽኑ ላይ ተቀምጠው ስብሰባውን መሩት። ሦስት ጊዜ ወደ ከተማው ምክር ቤት ሄድን። ሁሉም በትህትና አዳመጡን፤ አንዱማ የሰፈሩ ታሪክ እንደሚያስጨንቀው ነገረን። በመጨረሻ ያገኘነው ትምህርት ቤት እስኪዘጋ መቆየት ብቻ ነበር። አደ ፋጡማ ፍሪድሊ ከተማ የሚኖር ልጃቸው ጋ ገቡ። እኛ ሮዝቪል ከተማ አንድ ክፍል ያነሰው ቤት አገኘን። ሳሮን ብዙ ጊዜ አኮረፈችኝ።

ግሬግ አንድ ጊዜ ደወለልኝ። በአደ ፋጡማ ፋንታ የድሮው ቤታችን መግቢያ ላይ የተሰቀሉት፣ ፎቶ ለመነሳት የተከፈላቸው ሰዎች ናቸው አለኝ። ቆንጆ ይስቃሉ አለ።

አሁን የራሴ መሰላልና የራሴ ደንበኞች አሉኝ። ሥራ ሲመጣ ስለ ቀለሙ ከማውራቴ በፊት ቤቱ ውስጥ ማን እንዳለና ስንጨርስ የት እንደሚሆን እጠይቃለሁ። በዚህ ጥያቄ ብዙ ሥራ አምልጦኛል። ቀቢ ይህን መጠየቅ ያለበት ባልዲውን ከመክፈቱ በፊት ነው፤ ከተከፈተ በኋላ የሚታሰበው ቀለሙ እንዳይደርቅ ብቻ ነው።