ከሰማይ የቀለቧት ኳስ

«በእጅ የሚያዝ እግር ኳስ የት አገር አለ? ነገ በአጎታችን አርባ ላይ ይህን የጻፍሽውን ብታነቢ ሰው ይስቅብናል» አለኝ ወንድሜ።

«አውስትራሊያ። ጋሼ እዚያ ስደት ላይ ሳሉ ሦስት ጊዜ ተሰልፈው ተጫውተዋል፤ ከዚያ ጉልበታቸው ተጎድቶ ተዉት።»

«እና ሦስት ጨዋታ ተጫዋች ያሰኛል?»

እኔ ግን እዚህ ሰፈራችን ሲዋርድ ያለው ሜዳ ላይ አይቻቸዋለሁ። አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀምጠን ልጆች የለጓት ኳስ በላያችን ስታልፍ፣ እኚያ አንካሳ ሽማግሌ ካፖርታቸውን እንደለበሱ ዘለው ከሰማይ ቀለቧት። «ኳስ መሬት እስክትነካ አይጠበቅም፣ ልጄ» አሉኝ፤ ሁልጊዜም የሚሉት ይህንኑ ነበር። ትናንት ኳስ ወደዚያው አግዳሚ ወንበር መጣች፤ የሚቀልባት አጥታ ተንከባልላ ቆመች።

ጥግ ይዘው ሲሰሙን የነበሩት የጋሼ ባለቤት ከመቀመጫቸው ተነሡ። «ያን ጉልበት ዕድሜዬን ሙሉ ያሸሁት እኔ ነኝ። አንብቢው» ብለው ወጡ፤ በሩም ተዘጋ።