በስሜ የገቡ ጎሎች

ባለፈው ሐሙስ ሰመራ ላይ ባጃጅ ውስጥ ሆኜ ስልክ ሳነሳ፣ «ሄሎ፣ ሰይድ እንድሪስ ነኝ» ማለቴን አጠገቤ የተቀመጡ አንድ ሽማግሌ ሰሙ። ዞር ብለው ከላይ እስከ ታች ቃኙኝ። «የአዋሹ የሼህ እንድሪስ ልጅ? ያ ኳስ ተጫዋቹ?» አሉኝ። ክው አልኩ። ነገሩ ከሆነ አሥራ አምስት ዓመት አልፎታል። እኔም ሸብቻለሁ፤ ጅቡቲ ድንበር ገላፊ ጉምሩክ ተቀምጬ ወረቀት ሳገላብጥ ቦርጭ አውጥቻለሁ። ደግሞ እውነቱን ልንገራችሁ፣ በዚያ ዓመት እኔ አንድም ጎል አላገባሁም። ለሽማግሌው የመለስኩትን ኋላ እነግራችኋለሁ።

ያኔ ሰመራ የኮሌጅ ተማሪ ነበርኩ። ከተማዋ ገና አዲስ ናት፤ በቢሮዎቹ መካከል የሚመላለሰው ነፋስና አቧራ ብቻ ነበር። ልምምድ የምንሠራው ጎህ ሲቀድ ነው፤ ረፈድ ካለ የጎሉን ብረት በእጅ መንካት አይቻልም። የኮሌጆች ዋንጫ ሲጀመር የመጀመሪያውን ጨዋታ አሚባራ ሄደን አራት ለባዶ ተቀጠቀጥን። የኔም ጉልበት እዚያው ዞረ። አሰልጣኛችን፣ የስፖርት መምህሩ ቲቸር ታደሰ፣ መሸነፍ የሚያሳምመው ሰው ነበር።

ስንመለስ ገዋኔ ላይ የሚኒባሱ ጎማ ፈነዳ። ልጆቹ ጎማው እስኪሠራ መንገድ ዳር፣ በፍየሎቹና በቆሙት ተሳቢዎች መካከል፣ ኳስ ማንከባለል ጀመሩ። አንዱ የለጋት ኳስ ጎማችንን ወደሚጠግነው ጎሚስታ በረረች። ጎሚስታው ከጎማው ቀና አለና በደረቱ አቁሞ፣ በጉልበቱ አንጥሮ፣ መሬት ሳትነካ መልሶ ላካት። ከዚያ ምንም እንዳልሆነ ሥራውን ቀጠለ።

«ተማሪ ነህ?» አለው ቲቸር።

«እኔ? እኔ የማውቀው ጎማ ብቻ ነው» ብሎ ሳቀ። ስሙ ከድር ነበር፤ ከቆቦ በኩል የጭነት መኪና ተሳፍሮ የወረደ፣ በዓመት የሚበልጠኝ ቀጭን ልጅ።

ቲቸር ወደ እኔ ዞረ። «ሰይድ፣ ጉልበትህ እስኪድን መታወቂያህ ሥራ ፈት ነው አይደል? ለአንድ ጨዋታ ብቻ!»

መታወቂያዬ ላይ ያለው ፎቶ በላብና በፀሐይ ደብዝዞ፣ ሰው መሆኔን እንጂ ማን መሆኔን አያሳይም ነበር። እንቢ ማለት ነበረብኝ፤ አላልኩም። በሚቀጥለው ጨዋታ ከድር ሁለት አገባ። በድምፅ ማጉያው «ሰይድ እንድሪስ!» ሲባልና ሜዳው ሲያጨበጭብ፣ ዳር ላይ በተጠመጠመ ጉልበቴ ተቀምጬ ውርር አደረገኝ። እፍረት እንዳይመስላችሁ፤ ደስ ብሎኝ ነው! «ለአንድ ጨዋታ» የተባለው ከጥቅምት እስከ ግንቦት ዘለቀ።

አባዬ፣ አላህ ይዘንለትና፣ አዋሽ ላይ ምግብ ቤት ነበረው። በፍየል ቅቅሉ የተነሳ የጅቡቲ መንገድ ሹፌር ሳይቆም አያልፍም፤ ወሬውም ከሹፌሮቹ ጋር ይገባል። አንድ ቀን ደወለልኝ።

«ትናንት ሦስት አገባህ አሉ?»

«አዎ አባዬ» አልኩት። ምላሴ እንዴት እሺ እንዳለችኝ እስከ ዛሬ ይገርመኛል። ሳቁ በስልኩ ውስጥ ተሰማኝ። አባዬ ደግሞ በቀላሉ የሚስቅ ሰው አልነበረም።

እየተሸነፈ የጀመረው ቡድናችን ለፍጻሜ ደረሰ። ጨዋታው የት ሆነ ቢባል፣ አዋሽ! ለአባዬ ስልክ ደውዬ «እንዳትመጣ፣ ፀሐዩ ይጎዳሃል» አልኩት። ሃያ ዓመት አዋሽ ፀሐይ ላይ የኖረን ሰው!

ያን ቀን በአሥር ሰዓት ሜዳው ግጥም ብሏል። ቀና ስል አባዬ ነጭ ጀለቢያውን ለብሶ፣ ለቡድኑ ብሎ ሃብሐብ በጆንያ አስይዞ፣ ከፊት ተቀምጧል። እኔ ከተቀያሪዎቹ ኋላ አንገቴን ደፋሁ። በሃያኛው ደቂቃ ከድር አገባ። ማጉያው «ሰይድ እንድሪስ!» አለ። አባዬ ከመቀመጫው ዘሎ ተነሳ፣ እጁን ዘረጋ፣ ከዚያ የልጁን ፊት አየ። እጁ አየር ላይ እንዳለ ቀረ። ያ ረቢ፣ መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ።

ይባስ ብሎ አንድ ሹፌር ከሕዝቡ መሃል ጮኸ፤ «እንዴ! ይሄ የገዋኔው ጎሚስታ አይደል እንዴ? ጎማዬን የለጠፈልኝ!»

ጨዋታው ቆመ። የተጋጣሚ አሰልጣኝ ክስ አስያዘ። ከተረጋገጠ ቡድናችን ይሰረዛል፣ እኔም ከኮሌጅ እባረራለሁ። የውድድሩ ሰብሳቢ አቶ ሁመድ የሚባሉ የአፋር ሽማግሌ ነበሩ። አፋር መንገድ ላይ ሲገናኝ አረፍ ብሎ ያየውንና የሰማውን ይነጋገራል፤ ዳጉ ይሉታል። ዳጉ ላይ የዋሸ ሰው ከዚያ በኋላ ቃሉን የሚሰማለት የለም። አባዬ ወሎዬ ቢሆንም አብሯቸው ኖሮ፣ ንግግሩ እንደ ዳጉ የሚታመንለት ሰው ሆኖ ነበር። አቶ ሁመድ የቀረበላቸውን መታወቂያ ገፍተው ተነሱ።

«ወረቀት ምን ያደርግልናል? አባትየው እዚህ አለ» አሉ። ከድርን ክንዱን ይዘው አባዬ ፊት አቆሙት። «እንድሪስ፣ አንተን ማል አልልህም። ይሄ ልጅህ ነው?»

አባዬ መጀመሪያ በዓይኑ እኔን ፈለገ። ዓይናችን ተገናኘ። ከዚያ ከድርን አየው፤ ልጁ በላብ ተነክሯል።

«ልጄ ነው» አለ አባዬ።

አባዬ ዋሸ! በሕይወቴ እንደዚያ የደነገጥኩበት ቀን የለም፤ ከኮሌጅ ተባረሃል ቢሉኝ ይሻለኝ ነበር። አቶ ሁመድ «በቃ፣ ጨዋታው ይቀጥል» አሉ።

ጨዋታው ቀጠለ፤ ከድር ግን ከዚያ በኋላ ኳስ አልተጫወተም ብል ይቀላል። ባዶ ጎል ፊት ቆሞ ሳተ። እንባው እየወረደ ነበር የሚሮጠው። ሁለት ለአንድ ተሸነፍን።

ከመግሪብ በኋላ አባዬ ሁለታችንንም ምግብ ቤቱ አስጠራን። ቅቅል ቀረበ፤ ማንም አልነካውም። ይመታኛል ብዬ ነበር፤ ምነው በመታኝ!

«አንተ ለእኔ ዋሸኸኝ፤ እኔ ላንተ ብዬ ሰው ፊት ዋሸሁ» አለኝ። ወደ ከድር ዞረ። «አባትህ የት ነው?»

«ሞቷል፣ ጋሼ።»

«እናትህስ?»

«እሷም።»

አባዬ ቅቅሉን ወደ እሱ አስጠጋለት። «እንግዲህ ሰው ሁሉ ፊት ልጄ ነው ብያለሁ። አላህ ፊት ውሸታም ሆኜ አልቀርም። ነገ ገዋኔ ሂድና ዕቃህን ይዘህ ና።»

ቀልድ መስሎኝ ነበር። ከድርም መሳለቁ መስሎት አንገቱን ደፋ። በማግስቱ ግን አባዬ ራሱ ሹፌር ለምኖ ከአጠገቡ አስቀምጦ ወሰደው። ማታ ሲመለሱ የኔ ክፍል ውስጥ ሁለተኛ ፍራሽ ተነጠፈ።

ቀናሁ፤ አልዋሽም። ለስንት ጊዜ አኮረፍኩ፤ ቤት ስመጣ ጀርባዬን ሰጥቼው ተኛሁ። ከድር ምግብ ቤቱ አጠገብ የጎማ ሥራውን ከፈተ፤ አባዬንም ሲያረጅ ተሸክሞ መስጊድ የሚያደርሰው እሱ ሆነ። አባዬ ሲሞት እኔ ገላፊ ነበርኩ፤ ስደርስ አፈር ለብሷል። ቀብር ውስጥ ወርዶ የተቀበለው ከድር ነው። አቶ ሁመድ ለቅሶው ላይ ተቀምጠው ነበር፤ ሊሰናበቱኝ ሲነሱ ጆሮዬ ላይ ጎንበስ ብለው «አባትህ አልዋሸኝም» አሉኝ። ያን ቀን ሜዳው ላይ ሁሉንም አውቀው ነበር ማለት ነው! አባዬ ግን ከዚያ ወዲያ ቃሉን እውነት አድርጎታል።

እና ባጃጁ ውስጥ ሽማግሌው መልሴን እየጠበቁ ነው። የደወለልኝ የጉምሩክ ባለጉዳይ ስልኩ ላይ «ሄሎ? ሄሎ?» ይላል፤ ዘጋሁት።

«አይደለሁም አባባ» አልኳቸው። «ኳስ ተጫዋቹ ወንድሜ ነው።»

«እንዴ! ሼህ እንድሪስ ሁለት ወንድ ልጅ ነበረው?»

«ሁለት ነን» አልኳቸው። «ታላቁ እሱ ነው።»