የፈላ ውኃ የሚሻ ዘር ይዤ ወደ መካነ ኢየሱስ

በደል ነውና ይጻፍልኝ፤ መምህሩ የልጅ ልጄን የትርንጎን የዛፍ ሥዕል አንድ ቃል እንኳ ሳይጠይቃት ከግድግዳ አወረደው።

ትርንጎ መካነ ኢየሱስ ከተማ ቤት ተከራይታ ትማራለች። ለትምህርት ቤቱ ዐውደ ርእይ ማንም ያላየውን ዓለም ሣሉ ቢባሉ፣ ምድሩ ሁሉ እሳተ ገሞራ የሆነበትን ሣለች። እዚያ የሚበቅለውን ዛፍ ረመጦ አለችው። ቅርፊቱ እንደ ከሰል የጠቆረ ነው። ሥሩን ከቀለጠ ድንጋይ ዳር ይሰዳል፣ ሲበርደው ቅጠሉን ይጨብጣል፤ ዘሩም እሳት ካልነካው አይነቃም። መምህሩ በተማሪ ፊት «የፈላ ዘር ንፍሮ ነው» ብሎ አሳቀባት። ደውላ ዕቃዬን ጠቅልያለሁ፣ ትምህርት በቃኝ አለችኝ።

እኔ ከሁለተኛ ክፍል አላለፍሁም። ግን ዕድሜዬን የፈጀሁት ችግኝ ጣቢያ ነው። የግራር ዘር የፈላ ውኃ ካላፈሰሱበት በቶሎ አይነቃም፤ ትርንጎም ያየችው ከእጄ ነው። ሰኞ አንድ እፍኝ ዘር ላይ የፈላ ውኃ አፍስሼ በእርጥብ ጨርቅ ቋጠርሁ። ዐውደ ርእዩ ዓርብ ይዘጋል።

ሐሙስ፣ ጎሕ ሲቀድ

ከስማዳ ቆላ በእግሬ ወጣሁ። ዳገቱ መሐል ዐረፍ ብዬ ቋጠሮውን ፈታሁ። ዘሩ አብጧል፤ ሥር ግን አላወጣም።

ወገዳ፣ አራት ሰዓት

የሚኒባሱ ሹፌር ቋጠሮው ከላይ ይጫን አለ። ፀሐይ ያደርቀዋል ብዬ እንቢ አልሁ።

«እማማ፣ እንቁላል ነው እንዴ የታቀፉት?»

«ዛፍ ነው።»

ተሳፋሪው ሁሉ ሳቀ። አቧራው በመስኮት ይገባል፣ ግራና ቀኙ የገብስ ማሳ ነው። መንገድ ላይ ጎማ ተነፈሰና ሰው ሁሉ ጥላ ፍለጋ ወረደ። እኔ መቀመጥ አልቻልሁም፤ መኪናውን እዞራለሁ፣ ቋጠሮውን እዳብሳለሁ። ከጎኔ የነበረች ሴት ከመጠጫ ውኃዋ ጨርቁን አራሰችልኝ። አሁንም ሥር የለም።

መካነ ኢየሱስ፣ አሥራ አንድ ሰዓት

የትርንጎ ሻንጣ በር ሥር ተቀምጧል።

«እማ፣ ምን አመጣሽ?»

«ፍርድ ፍለጋ።»

በሶ በጥብጣ አቀረበችልኝ።

ዓርብ ጠዋት

ጨርቁን ስፈታ ሦስቱ ዘሮች ነጭ ሥር አውጥተዋል። ትርንጎን አስከትዬ ትምህርት ቤት ገባሁ። መምህሩ ገና ወጣት ነው፤ በአክብሮት ተነሥቶ ቢሮ እንነጋገር አለኝ። ያወረድኸው በልጆቹ ፊት ነውና እዚያው እንነጋገር አልሁት። ወደ ክፍሉ ሄድን። የፈላ ውኃ አፍስሼበት የበቀለ ነው ብዬ ዘሩን መዳፉ ላይ አኖርሁለት።

«በእውነት የፈላ ውኃ ነክቶታል?»

«አፍላና ራስህ አፍስስበት። እስኪበቅል እዚሁ እቀመጣለሁ።»

ዘሩን ሲያገላብጥ ቆየ። ከዚያ ሥዕሉን ከመሳቢያ አውጥቶ ግድግዳው ላይ መልሶ ሰቀለውና ወደ ተማሪዎቹ ዞረ።

«የፈላ ዘር አይበቅልም ያልኋችሁ ተሳስቼ ነው። ትርንጎ፣ ረመጦ ሲበርደው ምን ይሆናል? ንገሪን። ያን ቀን መጠየቅ ነበረብኝ።»